ከቁመት የረዘመ ክንድ

በፈረንጆች አቆጣጠር ማርች 4 ቀን 2013፣ ሰኞ ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ላይ ነገሩ እንዲህ ነበር። ሉዋን ፔይላን አርባ አንድ ዓመት ከሰባት ወሯ ነው። በከተማችን የስፖርት ትምህርት ቤት የሴቶች መረብ ኳስ አሰልጣኝ ከሆነች አሥራ አራተኛ ዓመቷን ይዛለች። አንድ ልጇ ዩኒንግ አሥራ ሁለት ዓመት ከአራት ወር ሆኗታል፤ በዚያ ጠዋት ለክፍለ ሀገሩ ታዳጊ ቡድን ምልመላ ከሌሎች ሃምሳ ሦስት ልጆች ጋር ተሰልፋለች። የምልመላው ኃላፊ አሰልጣኝ ጓን የሻይ ብርጭቆውን በሁለት እጁ ይዞ ጠረጴዛው ጋ ተቀምጧል። እኔ ቴንግ፣ በዚያ ክፍል ሠላሳ አንድ ዓመት ልጆች ስለካ የኖርኩት፣ ሜትሩን በግድግዳው ላይ ዘርግቼ ከጫፍ እስከ ጫፍ መወጠሩን አረጋግጫለሁ። የእናትየውም የልጅቱም ልብ በመሣሪያ ታይቶ አያውቅም። የእናትየው መታየት የነበረበት ከዚያ አሥራ አራት ዓመት በፊት ነው። እንዳይታይ ያደረግኩት እኔ ነኝ።

ለምልመላ የምንለካው ብዙ ነገር ነው፤ የሚወስነው ግን ሁለት ቁጥር ነው። መጀመሪያ የልጅቱ ቁመት ይለካል። ከዚያ ጀርባዋን ለግድግዳ ሰጥታ ሁለት እጇን ትዘረጋለች፤ ከአንዱ እጇ የመሀል ጣት ጫፍ እስከ ሌላው ድረስ ይለካል። በአብዛኛው ሰው ላይ ሁለቱ ቁጥሮች እኩል ናቸው ማለት ይቻላል። የክንዷ ስፋት ከቁመቷ በስድስት ሴንቲ ሜትር ከበለጠ በካርዷ ላይ ቁጥሩን በቀይ አከብበዋለሁ። አሰልጣኞቹ የልጅቱን ፊት አያዩም፤ ክቡን ነው የሚያዩት። ረጅም ክንድ መረቡ ላይ ከሌላው ሰው ክንድ ቀድሞ ይደርሳል። ክንዱ ለምን ረዘመ ብሎ የጠየቀ ሰው አልነበረም። እኛ ዘንድ ረጅም ክንድ ስጦታ ነው፤ ስጦታን ደግሞ ማንም አይመረምርም።

የፔይላን የመጀመሪያ ካርድ የተጻፈው በማርች 1984 ነው። አሥራ ሁለት ዓመት ከሰባት ወሯ ነበር። በቢጫ ባሕር ዳር፣ ለምግብ የሚሆን የባሕር ቅጠል በገመድ ላይ ከሚያለሙ ሰዎች መንደር የአባቷን የጎማ ቦቲ ተጫምታ ብቻዋን በአውቶቡስ መጣች። ቁመት 171.5፣ ክንድ 181። ጓን ያን ጊዜ ገና ሠላሳ ሦስት ዓመቱ ነው። ካርዱን አይቶ አፏጨ።

«ይቺን የልብስ ማስጫ አጠና ማን አመጣት?»

«ራሴ ነኝ የመጣሁት» አለች ልጅቷ።

«አባትሽስ?»

«ሞቷል።»

«እሺ አጠና፣ ነገ በጠዋት ትጀምሪያለሽ። ቦቲውን ግን ለባሕሩ መልሺለት።»

ስሙ እዚያው ተለጠፈባት። እስከ መጨረሻው አጠና አሏት፤ እሷም ወደደችው።

የጨዋታ ዘመኗን ከካርዶቿ ላይ እንዳለ ልጻፈው። በ1988 የክፍለ ሀገሩ ዋና ቡድን ውስጥ ገባች። ቦታዋ መረቡ መሀል ነበር፤ ተቃራኒ ቡድን የሚመታውን ኳስ ከመረቡ በላይ በእጇ የምታግድ ተጫዋች ሆነች። ያኔ ቁመቷ 187፣ ክንዷ 198.5 ደርሷል። ዘላ ሁለት እጇን ስትዘረጋ ጣቷ ሦስት ሜትር ከሁለት ሴንቲ ሜትር ይነካል። ከ1991 እስከ 1993 ብሔራዊ ቡድኑ ጠርቶ በተጠባባቂነት ያዛት፤ ጉልበቷን በፋሻ ጠቅልላ ተመለሰች። በ1994 የሩጫ ፈተና ላይ ከሁለት ሺህ ሜትር በኋላ ወደቀች። ስትነሳ «ቁርስ አልበላሁም» አለችኝ፤ እኔም ካርዷ ላይ «ቁርስ አልበላችም» ብዬ ጻፍኩ። ከ1996 ጀምሮ ኳስ ስትመጣ አንገቷን ወደ ጎን ማዘንበል ጀመረች። ጓደኞቿ «አጠና ዛሬም ኳሷን አፍራ ትሽኮረመማለች» እያሉ ይስቁባት ነበር። እሷም አብራ ትስቃለች። በ1998 ድሮ የማታልፋት ኳስ በጣቷ አጠገብ ማለፍ ጀመረች። በፌብሩዋሪ 1999 በሃያ ሰባት ዓመቷ ጨዋታ አቆመች።

ጨዋታ የሚያቆም ሰው ሁሉ ሙሉ ምርመራ ያደርጋል። ውጤቱ ከግል ማኅደሩ ጋር በመርፌና በክር ይሰፋል፤ ማኅደሩ ይታሸጋል፤ ባለቤቱ አያየውም፤ ዕድሜውን ሙሉ ከመሥሪያ ቤት ወደ መሥሪያ ቤት ይከተለዋል። የምደባ ኮሚቴው ማኅደሩን አይቶ ሥራ ይመድባል። የምሰፋው እኔ ነበርኩ። የፔይላን የዓይን ምርመራ ገጽ እንዲህ ይላል፦ «የሁለቱም ዓይን ሌንስ ከቦታው ወደ ላይ ተንሸራቷል። ከተፈጥሮ የመጣ ይመስላል። ከቁመቷና ከእጆቿ ርዝመት ጋር ሲታይ፣ ልቧና ከልብ የሚወጣው ዋናው የደም ሥር እንዲመረመሩ እንመክራለን።»

ጓን ገጹን ቆሞ አነበበው።

«ኮሚቴው ይህን ካየ ምን የሚል ይመስልሃል?» አለኝ።

«ትመርመር ይላል።»

«አይልም። በሽተኛ ናት ይልና ወደ መንደሯ ይሸኛታል። አሥራ አምስት ዓመት ስትዘል ኖራ የባሕር ቅጠል ስታጥብ ልታያት ነው?»

«የተጻፈው እውነት ነው።»

«ውሸት ነው ያለ ሰው አለ? ከእንግዲህ አትዘልም እኮ። የማትዘል ሴት ልቧ ቢታይ ባይታይ ምን ሊጠቅም? አንተ ሰውዬ፣ መርፌውም ክሩም ያለው አንተ ጋ ነው።»

ለማያውቅ ሰው ይህ ከባድ ጥፋት ይመስላል። እኛ ግቢ ግን ደግነት ነበር። ተጫዋች ሲሰናበት ማኅደሩን ማጽዳት እንደ ስንብት ስጦታ ይቆጠራል፤ ከፔይላን በፊት ለአሥራ ዘጠኝ ሰው አድርጌዋለሁ። የእነዚያ ሁሉ ችግር ጉልበትና ወገብ ነበር። የሷን ገጽ አወጣሁና የቀረውን ሰፋሁት። የለካነውን ነገር ቀድጄ ስለማላውቅ ገጹን በቁም ሣጥኔ ውስጥ አስቀመጥኩት። አርብ ዕለት ኮሚቴው አሰልጣኝ አድርጎ መደባት።

ለፔይላን ነገርኳት። «የዓይን ሐኪሟ ልብሽን ታዪ ብላኛለች እኮ» አለች። «በራስሽ ጊዜ ታዪው» አልኳት። «እሺ» አለች። በሳምንቱ ከመንደሯ አንድ ዘንቢል ደረቅ የባሕር ዓሣ አመጣችልኝ። ሐኪም ቤት አልሄደችም። እኔም ሄደሽ ወይ ብዬ አልጠየቅኳትም። አንድ የመርከብ መካኒክ አገባች፤ በዓመት ሰባት ወር ባሕር ላይ ነው። በኖቬምበር 2000 ዩኒንግ ተወለደች።

በኦክቶበር 2012 ለለኪዎች የሙያ ሥልጠና ተጠራን። ሥልጠናውን የሰጠው ሐኪም አንድ ስዕል ሰሌዳው ላይ አሳየ፤ እጁን የዘረጋ ረጅም ሰው ነው። ክንዱ ለቁመቱ ሲካፈል ከአንድ ነጥብ ዜሮ አምስት በላይ፣ ጣቶቹ ረጃጅም፣ የዓይኑ ሌንስ ወደ ላይ የሸሸ። «እነዚህ ሰዎች ከልብ የሚወጣው ትልቁ የደም ሥራቸው በዝምታ እየሰፋ ይሄዳል» አለ። «አያምም። አንድ ቀን ይቀደዳል። ከወላጅ ወደ ልጅ ይተላለፋል፤ ከሁለት ልጅ አንዱ ይወርሰዋል። እናንተ በቀይ የምታከብቡት እነዚህን ነው።» ደብተሬ ላይ አካፈልኩ። 198.5 ለ187፣ አንድ ነጥብ ዜሮ ስድስት። ደብተሩን ዘጋሁት።

ከዚያ በኋላ አምስት ወር ዝም አልኩ። ለመናገር ሞክሬ ነበር ማለት አልችልም። ከተናገርኩ የመጀመሪያው ጥያቄ ገጹ የት ሄደ የሚል ይሆናል፤ መልሱን ስለማውቅ ጥያቄው እንዳይነሳ አደረግኩ። በየጠዋቱ ኮሪደሩ ላይ ፔይላንን ሰላም እላታለሁ፤ እሷም በሩን ጎንበስ ብላ ታልፋለች።

እንግዲህ ማርች 4 ደረሰ። የዩኒንግ ተራ ቁጥር ሃያ ስድስት ነበር። ጫማዋን አውልቃ መለኪያው ላይ ወጣች።

«አባባ ቴንግ፣ እማዬ ትንፋሽሽን ሳቢ ብላኛለች።»

«ትንፋሽ አያስረዝምም። ዝም ብለሽ ቁሚ።»

ቁመቷ 169 ሆነ። ወደ ግድግዳው ሄደች። የቀኝ ጣቷ ዜሮው ላይ ያለውን ሳንቃ ነካ። የግራ ጣቷን ተከትዬ ሄጄ አነበብኩ፤ 179። ቀና ብዬ አየኋት፤ እንደገና አነበብኩ፤ 179። ከምልመላው በኋላ ስም ዝርዝሩ ቅዳሜ ይዘጋል። የተመረጡት በሚቀጥለው ሰኞ ሦስት ሺህ ሜትር ሮጠው ስልሳ ዝላይ ይዘላሉ። ይህን ሁሉ ሳስብ ጸሐፊዋ ብዕሯን ይዛ ትጠብቀኛለች።

«መቶ ሰባ ሦስት ተኩል» አልኩ።

ጓን ከሻዩ ላይ ቀና አለ። «ስንት?»

«መቶ ሰባ ሦስት ተኩል። ልዩነቱ አራት ተኩል።»

«የአጠና ልጅ?» ሳቀ። «ከአባቷ ወርሳ ነዋ። ያ መርከበኛ ክንዱ አጭር እንደሆነ የሠርጉ ዕለት አይቻለሁ፤ ብርጭቆ ለማንሳት ጎንበስ ይል ነበር።»

ጸሐፊዋ እየሳቀች ጻፈች። ድጋሚ ይለካ ያለ የለም። ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ ቴንግ የለካውን ድጋሚ የለካ ሰው የለም፤ ውሸቴን ያሳለፈልኝም ይኸው ስሜ ነው። ዩኒንግ እጇን ቀስ ብላ አወረደችና አንዴ ቀኙን አንዴ ግራውን አየችው። ከዚያ ጫማዋን በእጇ ይዛ ወጣች።

ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ ፔይላን በሬን ሳታንኳኳ ገባች።

«መምህር ቴንግ፣ የታመመው ሜትርዎ ነው ወይስ እርስዎ ነዎት?»

«ተቀመጪ።»

«አልቀመጥም። ቤቴ በር መቃን ላይ በየወሩ የመጀመሪያ ቀን እለካታለሁ። አርብ ዕለት ክንዷ መቶ ሰባ ዘጠኝ ነበር። በሦስት ቀን አምስት ሴንቲ ሜትር ተኩል የት ገባ? ውሃ አጠበው?»

«ክንዷ ልክ ነው። ቁጥሩን የቀየርኩት እኔ ነኝ።»

ይህን ስትሰማ ተቀመጠች።

«ጓን ነው ያዘዘዎት? የሌላ ሰው ልጅ ሊያስገባ?»

«ጓን አያውቅም።»

«ታዲያ ልጄ ምን አደረገችዎት? ምሳዋን አልበላችም። መስታወት ፊት ቆማ እጇን ዘርግታ ታያለች።»

ቁም ሣጥኑን ከፍቼ ገጹን ሰጠኋት። ወረቀቱን ወደ ግራ ዓይኗ አስጠግታ፣ አንገቷን አዘንብላ አነበበች።

«ይህን እኮ ትተነዋል።»

«ትተነዋል።» የሥልጠናውን ሐኪም ቃል ሳልጨምር ሳልቀንስ ነገርኳት። ስጨርስ ገጹን ጠረጴዛው ላይ አስተካክላ አስቀመጠች።

«እኔ አሥራ አምስት ዓመት ዘልያለሁ።»

«ሰባት መቶ ሃምሳ ስድስት ሺህ ጊዜ ገደማ። አስልቼዋለሁ።»

«ይኸው። ያን ሁሉ የቻለ ልብ ነው ዛሬ የሚያሰጋዎት?»

«እናንተ መንደር የባሕር ቅጠል የሚንጠለጠልበት ገመድ ሲበጠስ፣ ከዚያ በፊት ስንት ወር ችሎ ነበር?»

ወደ ገጹ አቀረቀረች። ከገመድ ጋር ያደገች ሰው ናት።

«ከሁለት ልጅ አንዱ ነው ያሉኝ?» አለች።

«ከሁለት አንዱ።»

«እኔ ያለኝ አንድ ነው።» ከዚያ ፊቷን ወደኔ አዞረች። «መቼ ነው ይህን የሰሙት?»

«ኦክቶበር ላይ።»

በጣቷ ቆጠረች። «አምስት ወር። አምስት ወር ሙሉ በየጠዋቱ እንዴት አደርሽ ሲሉኝ።»

ቁም ሣጥኑን ዘጋሁት።

«ረቡዕ ወደ ዋናው ከተማ እንወስዳታለን» አለች። «እርስዎም አብረው ይመጣሉ። ልቧ ንጹህ ከሆነ ጓን ፊት ቆመው ትክክለኛውን ቁጥር ያነባሉ። ለምን እንደዋሹም ይናገራሉ።»

«እናገራለሁ።»

«ንጹህ ካልሆነስ? እንዳሰቡት ክንዷ አጭር ነው ተብሎ ሊቀር ነው?»

«ማንም አይጠይቅም። በሰላም ታድጋለች።»

«አይሆንም። ልጄ ክንዷ አጭር ነው ብላ አታድግም። እሷ ብትፈቅድ እንኳ እኔ አልፈቅድም።»

ረቡዕ ጠዋት በአውቶቡስ ሦስት ሰዓት ተጓዝን። ፔይላን በሻይ ቅጠል የተቀቀለ እንቁላል ልጣ ለልጅቱም ለኔም ትሰጠናለች። ዩኒንግ ወንበሩ አልበቃት ብሎ ጉልበቷን አቅፋ ተቀምጣለች። ለምን ሐኪም ቤት እንደምንሄድ እናቷ ነግራታለች፤ እኔ ስለዋሸሁት ቁጥር ግን እስካሁን አልነገረቻትም። «ውጤቱን ይዘን እንነግራታለን» አለችኝ። መንገድ ላይ ሁለት ጊዜ ትከሻዋን ወደ ኋላ ስታፍታታ አየኋት። ወንበሩ ነው አልኩ ለራሴ። ምልክትን በሰበብ የመሸፈን ልማዴ እስከዚያ ቀን ድረስ አልለቀቀኝም ነበር።

የልብ ሐኪሟ ዶክተር ፋን አጭር ሴት ናት። ሁለቱ ሲገቡ አንገቷን ቀና አድርጋ አየቻቸው።

«እናንተ ቤት መሰላል አያስፈልግም ማለት ነው» አለች። ልጅቱ ከሰኞ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ አለች።

በአልትራሳውንዱ ሃያ ደቂቃ ያህል አየቻት። ከዚያ ጄሉን እያጸዳችላት ተናገረች። ከልብ የሚወጣው ዋናው የደም ሥር መነሻው ላይ ሠላሳ ስድስት ሚሊ ሜትር ሆኗል፤ በዚህ ዕድሜና በዚህ ቁመት ከሃያ ዘጠኝ ማለፍ አልነበረበትም። በየቀኑ መድኃኒት ትወስዳለች። በየዓመቱ ትለካለች። አትዘልም፤ ከባድ ነገር አታነሳም።

«እንደዚህ ከተጠነቀቅሽ እንደ ማንኛውም ሰው ትኖሪያለሽ» አለቻት።

«ትንሽ ትንሽ ብዘልስ?»

«ትንሽ ዝላይ የሚባል የለም፣ ልጄ።»

«በሚቀጥለው ሰኞ ስልሳ ዝላይ ልትዘል ትችል ነበር» አልኩ እኔ። ሐኪሟ አየችኝ። የልጅቱን ወረቀት ስትጽፍ ዓይኗ ካፖርቱን በያዘው የፔይላን እጅ ላይ አረፈ። ጣቶቹን አየች። ብዕሯን አስቀመጠች።

«ረጅሙ አባቷ ነው ወይስ አንቺ ነሽ?»

«እያየሽኝ አይደል እንዴ።»

«አንቺ ልብሽ ታይቶ ያውቃል?»

ፔይላን ወደኔ ዞረች። አስተያየቷ ወቀሳ አልነበረበትም፤ የረሳሁትን ነገር እንዳስታውሳት የምትጠብቅ ትመስል ነበር።

«አያውቅም» አለች።

«ከቤተሰብ በድንገት የሞተ ሰው አለ?»

«አባቴ። ሠላሳ ስድስት ዓመቱ ነበር። ጀልባ ላይ ገመድ ሲስብ፣ ጀርባዬን በመጥረቢያ ፈለጡኝ አለና ቁጭ አለ። ሌላ ቃል አልተናገረም። ባሕሩ ነፍሱን ወሰዳት አሉ የመንደሩ ሰዎች።»

«ካፖርትሽን አውልቀሽ ተኚ።»

«ዛሬ የመጣሁት ለልጄ ነው። ለኔ የሜዩ ውድድር ካለቀ በኋላ እመጣለሁ። አሥራ ሁለት ልጆች ይዤ—»

«ተኚ።»

አልጋው አጠራትና እግሯ ወደ ውጭ ተንጠለጠለ። እኔና ዩኒንግ ከመጋረጃው ወዲህ ቆምን። መጀመሪያ የመሣሪያው ድምፅ ይሰማል። ከዚያ ሐኪሟ የምትጠይቀውን ጥያቄ አቆመች። አንድ ሰው ሲለካ ቆይቶ ድንገት ዝም ሲል ምን ማለት እንደሆነ ከማንም በላይ አውቃለሁ፤ እንደገና እያነበበ ነው። ሦስት ጊዜ ለካች። 64፣ 64፣ 65 ሚሊ ሜትር።

«ወደዚህ በምን መጣሽ?» አለች።

«በአውቶቡስ።»

«ከአሁን በኋላ በእግርሽ የትም አትሄጂም። ከዚህ አልጋ ላይም ራስሽ አትነሺም።»

ጎማ ባለው ወንበር ወደ ላይኛው ፎቅ ወሰዷት። ለቀዶ ጥገናው ሙሉ ቡድኑና ደሙ የሚዘጋጀው ለአርብ ጠዋት ሁለት ሰዓት ነው ተባለ። ነርሷ እንዳትስል፣ እንዳትስቅ፣ ራሷ ዕቃ እንዳታነሳ አስጠነቀቀቻት።

«አታስቁኝ እንግዲህ» አለች ፔይላን። «መምህር ቴንግ ለዚህስ የሚሆኑ ሰው ናቸው። ሰው ስቆ አያውቅም እሳቸው አጠገብ።»

ሐሙስ ጠዋት ዩኒንግን ወደ አልጋዋ ጠራቻት። «መዳፍሽን አምጪ» አለችና በመዳፏ ላይ ገጠመችው። የልጅቱ ጣት ከእናቷ ጣት በአንድ አንጓ ያህል ብቻ ያንስ ነበር።

«ሰኞ ዕለት አባባ ቴንግ ያነበቡት ቁጥር ውሸት ነው። ክንድሽ መቶ ሰባ ዘጠኝ ነው። ልዩነቱ አሥር ነው። እኔ ባንቺ ዕድሜ ዘጠኝ ተኩል ነበርኩ። በልጠሽኛል።»

ልጅቱ ወደኔ ዞረች። ራሴን ነቀነቅኩ።

«ታዲያ ለምን አልጫወትም?»

«ስለበለጥሽኝ ነው» አለች ፔይላን። «አሁን ሂጂና ፊትሽን ታጠቢ።»

ከዚያ ለጓን እንድደውልለት ጠየቀችኝ። «ልጅቱ ደክማ ቀረች እንዳይባል። ትክክለኛውን ቁጥር ይስማና ይጻፈው።» ኮሪደሩ ላይ ወጥቼ ደወልኩ። ቁጥሩን ነገርኩት፤ የልጅቱን ልብ ነገርኩት፤ የእናትየውንም ነገርኩት። 

«ያ ገጽ አሁን የት ነው?» አለኝ።

«ፔይላን ካፖርት ኪስ ውስጥ።»

«ማንም እኮ አያውቅም ነበር።»

«እኔና አንተ እናውቅ ነበር።»

«እኔ ያኔ የማትዘል ሴት ነው ያልኩት» አለ። «የማትዘል ሴት። ምን አለበት ብዬ ነው።» ስልኩን አልዘጋውም፤ እኔ ነኝ የዘጋሁት።

በዚያው ሐሙስ፣ ማርች 7፣ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ከአሥር ደቂቃ ላይ ዩኒንግ ቴርሞሱን ይዛ የፈላ ውሃ ልትቀዳ ወጥታለች። እኔ መስኮቱ ጋ ነበርኩ። ፔይላን ትራሱን በክንዷ ገፍታ ቀና ለማለት ሞከረች።

«ጀርባዬ» አለች።

ነርሶቹ በግማሽ ደቂቃ ውስጥ ደረሱ። ቁጥሩን የማውቀው ሰዓቴን ስላየሁ ነው፤ ሌላ የማደርገው ነገር አልነበረኝም። ኮሪደሩ ላይ ወጥቼ ዩኒንግ እንዳትገባ በሩን ያዝኩ። ቴርሞሱን እንደያዘች ፊቴን አየችና እጄን ለማስለቀቅ ታገለች። ክንዷ ከኔ ክንድ ይረዝማል፤ ከትከሻዬ በላይ አልፎ በሩን ነካ፤ ግን ጉልበት አልነበራትም፤ እኔም እንዳትታገል ፈራሁ። ከሃያ ሁለት ደቂቃ በኋላ ዶክተር ፋን ወጣች።

ፔይላን ከተቀበረች በኋላ፣ ሰኞ ዕለት ወደ ቢሮዬ ገብቼ የፔይላንን ማኅደር አስመጣሁ። ማኅተሙን ፈትቼ ከካፖርቷ ኪስ ያወጣሁትን የ1999 ገጽ በቦታው ሰፋሁት። ከሱ ቀጥሎ ገጹን ማን እንዳወጣው፣ መቼና ለምን፣ አሥራ አራት ዓመት የት እንደነበረ በአንድ ወረቀት ጽፌ ፈረምኩበት። የሌሎቹን አሥራ ዘጠኝ ሰዎች ስምም ዘረዘርኩ። በሳምንቱ ከሥራ ታገድኩ፤ በሦስተኛው ወር ተሰናበትኩ። ጓን ስሙ በወረቀቱ ላይ ስለሰፈረ ተጠርቶ ተጠየቀ። «አዎ፣ መርፌው ያለው አንተ ጋ ነው ብዬዋለሁ» ብሎ መለሰ። በዚያው ዓመት ጡረታ ወጣ።

ዩኒንግ ያደገችው ከአባቷ ጋር ነው፤ ባሕሩን ትቶ የወደብ ጥገና ሠራተኛ ሆነ። አሁን ሃያ ሁለት ዓመቷ ነው፤ ቁመቷ መቶ ሰማንያ ስድስት ደርሷል፤ መረብ ኳስ አንድም ቀን አልተጫወተችም። በየዓመቱ ማርች ላይ ዶክተር ፋን ዘንድ ሄዳ ትለካለች። ውጤቱን በስልክ ትልክልኛለች፤ ከቁጥሩ በቀር ሌላ ቃል አትጨምርበትም፤ እኔም አልጠይቃትም። ባለፈው ዓመት የላከችው ሠላሳ ዘጠኝ ሚሊ ሜትር ነው። በዘጠኝ ዓመት ውስጥ የጨመረው ሦስት ሚሊ ሜትር ነው።